የሦስተኛው ፎቅ እንግዳ

ሮማ፣ መጋቢት 2 ቀን 1978 ዓ.ም.

ለተከበሩ አክስቴ ለእትዬ ይርጋነሽ
ቢቸና

እንዴት ከረሙ እትዬ? ጤናዎ፣ ጉልበትዎ፣ አልጋ ቤቱ እንዴት ነው? ልጄ ባንቺዓለምስ? የቢቸናው ጊዮርጊስ ሁላችሁንም በአንድነት ይጠብቅልኝ። እኔ እጄ በሳሙና ከመሰነጣጠቁ በቀር ለክፉ የሚሰጥ ነገር የለብኝም፤ ለፈጣሪ ምስጋና ይድረሰው።

ባለፈው ደብዳቤዎ «የልጅቱ ወረቀት ከምን ደረሰ?» ብለው ጠይቀውኛል። እውነቱን ልንገርዎ። የምሠራበት ሆቴል ሰማንያ አራት ክፍል አለው። አምና ይህን ጊዜ ሰባው ይያዝ ነበር። ዛሬ ጠዋት ሳነጥፍ የቆጠርሁት ሃያ ስድስት ነው። ታኅሣሥ ላይ እዚህ አውሮፕላን ማረፊያ ውስጥ ሰዎች ተኩስ ከፍተው ስንቱ መንገደኛ አለቀ። ከዚያ ወዲህ አሜሪካኖቹ ፈርተው ቀሩ፤ የእኛ ሆቴል ደግሞ የሚኖረው በእነሱ ነው። ያልፈሩትም ዶላራችን ወደቀ ብለው ቤታቸው ተቀምጠዋል አሉ። የእኛ ብቻ ቢሆን ደግ ነበር። ከባቡር ጣቢያው ጀምሮ እስከ ወንዙ ያለው ሆቴል ሁሉ ግማሽ መስኮቱን ዘግቷል። ፓሪስም ሎንዶንም እንዲሁ ነው ይላሉ።

ባለቤቱ ሲኞር ባልዲ ከአሥራ ስምንታችን አልጋ አንጣፊዎች አሥሩን አሰናበተ። እኔን ቢሮው ጠርቶ «አንቺ የሰው ዕቃ አትነኪም፤ ቁልፍ አምኜ የምሰጠው ላንቺ ነው» አለኝ። ቀጥሎም «ሆቴሉ እስከ ሐምሌ ከቆመ ቋሚ ሠራተኛዬ ናት ብዬ እፈርምልሻለሁ» አለ። መንግሥታቸው ልጅ ለማስመጣት የሚጠይቀኝ ይህንኑ ወረቀት ነው። ያለሱ ባንቺዓለምን አላገኛትም። አባቷ ሞቶ፣ እኔ ከአሠሪዎቼ ከጣልያኖቹ ጋር በገረድነት ስወጣ የአራት ዓመት ልጅ ነበረች። ዛሬ አሥር ሞላት። አንድ ያላት እንቅልፍ የላት ሲባል እሰማ ነበር፤ አሁን ገባኝ።

እና አሜሪካኖቹ እንዲመጡ ይጸልዩልኝ። ይኸም ጸሎት ሆነና!

«እማዬ ምንድን ነው የምትሠራው?» ትላለች ብለው ጽፈዋል። እንዲህ ብለው ይንገሩልኝ፦ አንሶላውን በግርጌ በኩል ከፍራሹ ሥር እከተዋለሁ፣ የጎኑን ጫፍ አነሣና እንደ ፖስታ አጥፌ መልሼ እከተዋለሁ። ሰው ሲገላበጥ ቢያድር አይወጣም። ልጄ ስትመጣ አሳያታለሁ።

ልጅዎ አስቻለች


ቢቸና፣ ሚያዝያ 6 ቀን 1978 ዓ.ም.

ለልጄ ለአስቻለች

ሰላምታዬ ዓባይን ወርዶ ባሕሩን ተሻግሮ ይድረስሽ። ይህን የምጽፍልሽ በገዛ እጄ ነው። ከመሠረተ ትምህርት የምስክር ወረቀቴን ከወሰድሁ ወዲህ የማንንም ደጅ ጠንቼ አላስጽፍም፤ ፊደሌ ቢንጋደድ እንዳትስቂ።

ሰማንያ አራት ክፍል! ያ ሰውዬ ምን ቆርጦት ነው ይህን ሁሉ የሠራው? እኔ በአምስት አልጋ ወገቤ ተቆርጧል። ግን እኔም የሙያ ባልደረባው ነኝና ምክሬን ንገሪልኝ። ከሞጣ የሚወርደው ሾፌር ደጀን ገብቶ ማደር ሲችል ለምን እኔ ዘንድ ያድራል? አልጋዬ ከሰው አልጋ በልጦ ነው? በጭራሽ! ወጥቼ «ኧረ እንኳን ደህና ገባህ» እለዋለሁ፣ ሙቅ ውኃ አቀርብና እግሩን ይታጠባል። ከፍትፍቱ ፊቱ ነው ልጄ። ሰውዬሽ አሜሪካኖቹን ደጅ ወጥቶ ይቀበላቸዋል? አይመስለኝም። ይሞክረውና ይይ።

አንሶላ ሲያረጅ የሚጥሉ ከሆነ አጥበሽ ላኪልኝ። ገንዘብ አልጠይቅሽም፤ አንሶላ ግን አሁን ጠፍቷል።

ባንቺዓለም ከክፍሏ ሁለተኛ ወጣች። ያንን አስተጣጠፍ ካነበብሁላት ወዲህ የአልጋ ቤቱን አንሶላ ካላነጠፍሁ ብላ አስቸግራኛለች። የእኔ ፍራሽ ገለባ ነውና ጫፉ አልታጠፍ ብሏት ስትታገል ትውላለች። ያባቷን ግትርነት ነው የወረሰችው፤ ነፍሱን ይማረው።

አሁን ዋናውን ልንገርሽ። የሞጣዋን ጥሩአየሁን ታውቂያታለሽ፤ የእናትሽ የአጎት ልጅ ናት። እናትሽ ስትታመም ከሞጣ ድረስ መጥታ ሁለት ወር አስታማታለች። ልጇ አለበል ቡልጋሪያ ሄዶ ትምህርቱን ጨርሷል። ታላቅ ወንድሙ ወደ ሰሜን ዘምቶ ድምፁ ከጠፋ ሁለት ዓመት አለፈው፤ የቀራት አለበል ብቻ ነው። ሌላውን አንቺ ታውቂዋለሽ፤ ደብዳቤ ብዙ እጅ ያልፋል። እና በሮማ በኩል ማለፍ አለበት፤ ባዶ ክፍል ተርፏቸዋል ብለሽ ጽፈሽ የለ? «የአስቻለች ፎቅ ባዶ ነው፤ ሂድና ከሷ ዘንድ እረፍ በይው» ብዬ አድራሻሽን ሰጠኋት። ጥሩአየሁ ጉልበቴን ስማ አለቀሰች።

የእግዜር እንግዳ ነው። ባዶ አልጋ ላይ ሰው ቢያድር አልጋው አይቀንስ።

አክስትሽ ይርጋነሽ


ሮማ፣ ሰኔ 4 ቀን 1978 ዓ.ም.

ለአክስቴ ለእትዬ ይርጋነሽ

ጤና ይስጥልኝ እትዬ። ቤተ ዘመዱ ሁሉ እንደምን አለ? እኔ አለሁ።

ደብዳቤዎ የደረሰኝ ግንቦት ሃያ አምስት ነው። እንግዳው የመጣው ግን ሃያ ሁለት ላይ ነው። ከሥራ ስወጣ በሠራተኞች በር አጠገብ አንድ ቀጭን ልጅ ቦርሳውን አቅፎ ቆሟል። ጠጋ አለኝና ራሱን ዝቅ አድርጎ «ከእትዬ ይርጋነሽ ነው የመጣሁ» አለኝ። እኔ ገና ምንም አልሰማሁ!

እትዬ፣ ይህ ቤት የእኔ አይደለም። እንዴት ብዬ ላስረዳዎ? እኔ ራሴ የምተኛው ከሦስት ሴቶች ጋር ባንድ ክፍል ነው፤ ወንድ ማሳደር አይፈቀድም። ሚያዝያ ውስጥ ደግሞ ሌላ ጉድ መጣ። ሩሲያ ውስጥ አንድ የኤሌክትሪክ ኃይል ማመንጫ ፈንድቶ መርዘኛ ደመና እዚህ ደረሰ፤ ቅጠል አትብሉ፣ ለልጅ ወተት አትስጡ ተባለ። በመከራ የተያዘውም ክፍል ተሰረዘ። ሲኞር ባልዲ ሦስተኛውን ፎቅ ጨርሶ ዘጋው። ሃያ ስምንት የተነጠፈ አልጋ አለበት፤ መብራቱ ጠፍቶ በሩ ተቆልፏል። ቁልፉ በኔ እጅ ነው። በሳምንት አንድ ቀን ወጥቼ መስኮት እከፍታለሁ፣ ቧንቧው እንዳይሸት ውኃ እለቃለሁ።

እንግዲህ ቀሪውን እርስዎ ይረዱት። ለሦስት ቀን ብዬ ነው። እንግዳ ሦስት ቀን አይደል? ግን የስደተኞቹ ጽሕፈት ቤት «ነገ ና» እያለ ይመልሰዋል። አልጋውን ጠዋት ጠዋት ራሱ ያነጥፋል፣ ጫማውን አውልቆ በካልሲ ይሄዳል፤ እንደሱ ያለ ጨዋ አላየሁም። እኔ ግን ደረጃው ላይ ኮቴ በሰማሁ ቁጥር ሥራዬን ትቼ አዳምጣለሁ።

እባክዎ፣ በልጄ ይሁንብዎ፣ ከእንግዲህ ለማንም አድራሻዬን አይስጡ። የሱንም ስም በደብዳቤ አይጻፉ። ሐምሌ ሊገባ አንድ ወር አልቀረውም። ሲኞር ባልዲ ቃሉን አልረሳም፤ ትናንት እንኳ «የልጅሽ ስም እንዴት ነው የሚጻፈው?» ብሎ በወረቀት ላይ አስጻፈኝ።

አንሶላው ሁለት አግኝቻለሁ፤ ሰው ሲገኝ እልካለሁ።

አስቻለች


ቢቸና፣ ነሐሴ 3 ቀን 1978 ዓ.ም.

ለልጄ ለወገን መኩሪያ ለአስቻለች

የደብረ ወርቋ ማርያም ዕድሜሽን ታርዝመው፤ ዘርሽ ይባረክ። ምን ዓይነት ሰው ወጣሽ አንቺ!

ጥሩአየሁ ከሞጣ በጭነት መኪና መጥታ ደጄ ላይ ተደፍታ መሬቱን ሳመች። ኧረ ተይ ብላት እንቢ አለች። አንድ እንስራ ማር ይዛ መጥታለች። ልጇ «ነጭ አንሶላ ላይ ተኝቼ አድራለሁ፤ እህቴ እራት ታመጣልኛለች» ብሎ ጽፎላታል። ደብዳቤውን ለጎረቤቱ ሁሉ አስነብባው ሞጣ ጊዮርጊስ ስምሽ በማኅበር እየተጠራ ይጸለይልሻል። ያቺ ሴት ከሁለት ዓመት ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ስትስቅ አየኋት፤ የአስቻለች ዋጋ ነው ብዬ ኮራሁ።

አድራሻሽንማ እንደ ጠበል ይለምኑኝ ጀመር። ተይ ስላልሽኝ እንቢ ብያለሁ፤ ስንቱን ግን አስቀየምሁ መሰለሽ። «ይርጋነሽ ፎቅ ሲኖራት ዘመድ ረሳች» ይሉኛል። እኔ ነኝ እንግዲህ ፎቅ ያለኝ!

ሐምሌ ካለቀ ሦስተኛ ቀኑ ነው። ወረቀቱ መቼም ተፈርሟል፤ በመንገድ ላይ ይሆናል። እኔ እጄን አጣምሬ አልተቀመጥሁም። ባንቺዓለምን ደብረ ማርቆስ ወስጄ ፎቶ አስነሣኋት፤ ዓይኗን አፍጥጣ ነው የተነሣችው፣ ትስቂያለሽ። የክትባት ወረቀት አወጣንላት። የክርስትና እናቷ ፈንታነሽ ነጠላ አልብሳት መርቃታለች። አምስተኛ ክፍል አላስመዘገብኋትም፤ ለአንድ ወር ትምህርት ምን ያደክማታል ብዬ ነው። ልብሷን ቦርሳ ውስጥ አስገብታ፣ አውጥታ፣ እንደገና አጥፋ ትከታለች። እኔም ሳያት ደስ ይለኛል፤ ወዲያው ደግሞ ሆዴ ይባባል። ስድስት ዓመት እቅፌ ውስጥ ነው ያደገች፤ ቤቱ ያለሷ እንዴት እንደሚሆን እንጃ። ግን የእናት ነገር ነው፤ ውሰጃት።

ጽፈሽ ቶሎ ላኪ።

አክስትሽ ይርጋነሽ


ቢቸና፣ ጥቅምት 28 ቀን 1979 ዓ.ም.

ልጄ አስቻለች

ምነው? ምነው ዝም አልሽ? ከሰኔው ደብዳቤሽ ወዲህ ጭጭ ብለሻል። ታመሽ ነው? እኔ ልታመምልሽ። ከፋሽ? ምን በደልሁሽ? አንሶላውን ተይው፤ አንሶላ አልፈልግም። «ደህና ነኝ» የምትል አንዲት መስመር ትበቃኛለች።

ጥሩአየሁም የልጇ ደብዳቤ ቀርቶባታል። በየሳምንቱ ሾፌር እየላከች «ከአስቻለች ምን መጣ?» ትለኛለች። ሰው ሁሉ መንገድ ላይ አቁሞ «ልጅቱ መቼ ነው የምትሄደው?» ይለኛል። እኔም «በቅርቡ» እያልሁ ውሸታም ሆኜ ቀረሁ።

ከዚህ በታች የጻፈችው ባንቺዓለም ናት።

እማዬ እንዴት ነሽ እኔ ደህና ነኝ። ቦርሳዬ በር አጠገብ ነው ያለው። መቼ ነው? ጓደኞቼ አምስተኛ ክፍል ገብተዋል።


ሮማ፣ ኅዳር 30 ቀን 1979 ዓ.ም.

ለአክስቴ ለእትዬ ይርጋነሽ

ጤናዎን እመኛለሁ። ከዚህ በላይ ሰላምታ ለመጻፍ እጄ አልታዘዝ አለኝ፤ ይቅርታ ያድርጉልኝ።

ሁለቱም ደብዳቤዎችዎ ደርሰውኛል። ሆቴሉ በር ላይ ቁልፍ የሚያድሉት ሽማግሌ አስቀምጠው በድብቅ ሰጡኝ። ሆቴሉ ውስጥ እኔ የለሁም እትዬ። ከሐምሌ ስድስት ጀምሮ የለሁም።

ሦስት ቀን ያልሁት አርባ አራት ቀን ሆኖ ነበር። ዕለቱ እሑድ ነው። እኔ አንደኛ ፎቅ ሳነጥፍ ሲኞር ባልዲ ከአንድ ጀርመናዊ ጋር እየሳቀ መጣ። ጡረተኞችን በአውቶቡስ እየጫነ ሀገር የሚያስጎበኝ ሰው ነው፤ «አርባ ሰው አመጣልሃለሁ፤ እስከ መስከረም በየሳምንቱ» ብሎታል። ሲኞር ባልዲ ትከሻዬን መታ መታ አድርጎ «አስቻለች፣ ተረፍን! ነይ ሦስተኛውን ፎቅ ክፈችልን» አለኝ። ስንት ወር የጸለይሁበት ቃል ነው! ሄጄ አለበልን ላስጠነቅቅ እንዳልል አብረን ነው የወጣነው። መጀመሪያ ሌላ ክፍል ከፈትሁ። «ይኸኛው ጨለማ ነው፤ ወደ መንገድ የሚያየውን ክፈቺ» አለኝ። እሱ ያለበትን ማለት ነው። ቁልፉን ፈልጌ ያጣሁ መሰልሁ። ከእጄ ወስዶ ራሱ ከፈተው።

አለበል ሸሚዙን አጥቦ መስኮቱ ላይ ሰጥቶ፣ አልጋው ጫፍ ተቀምጦ መጽሐፍ ያነባል። ምን አደረገ ቢሉ ጥሩ ነው? መሸሽ እንኳ አልመጣለትም። ብድግ አለና፣ ወንበሩን ሳብ አድርጎ፣ በሁለት እጁ እያመለከተ፣ «ይቀመጡ» አላቸው! የቤቱን ጌታ ክፍሉ ውስጥ ተቀመጥ አለው። ጥሩአየሁ ያሳደገችው ልጅ ታላቅ ሲገባ እንዲህ ነው የሚያደርገው። ጀርመናዊው ሳቀ። ሲኞር ባልዲ አልሳቀም።

እኔን አልሰደበኝም፤ ቢሰድበኝ ይሻለኝ ነበር። «ያመንሁት አንቺን ብቻ ነበር» አለኝ። ለፖሊስ አልናገርም፣ ግን ዛሬውኑ ከዚህ ቤት ውጪ አለኝ። እግሩ ላይ ወደቅሁ እትዬ። የልጄን ወረቀት ብቻ፣ እሱን ፈርምና አባርረኝ አልሁት። ከመሳቢያው አወጣው። ተጽፎ አልቋል፤ የባንቺዓለም ስም በጣልያንኛ ተጽፎበት በዓይኔ አየሁት። የቀረው ፊርማ ነበር። «እዚህ የማትሠራን ሰው ትሠራለች ብዬ እንዴት ልፈርም?» ብሎ ለሁለት ቀደደው። እውነቱን ነው።

አለበል በዚያው ማታ ወደ ሰሜን በሚሄድ ባቡር ሄደ። ጉንጬን ስሞ «በኔ ምክንያት» ብሎ መጨረስ አቃተው። ከዚያ ወዲህ የት እንዳለ አላውቅም። ለእናቱ ምን እንደሚሏት እንጃ።

እኔ አሁን የአንዲት ሽማግሌ ቤት በሰዓት እጠርጋለሁ። የመኖሪያ ፈቃዴ መስከረም ላይ አልቋል፤ የሚያድስልኝ አሠሪ የለም። ልመለስ እንዳልል ፓስፖርቴ ጊዜው ካለፈ ቆይቷል፤ ኤምባሲ ሄጄ ላሳድስ ብል ምን ብለው እንደሚጠይቁኝ ያውቃሉ። ወደፊትም ወደኋላም የለኝም።

አንድ ቀን በሆቴሉ ትይዩ ቆሜ አየሁ። ሦስተኛው ፎቅ መስኮቱ ሁሉ ተከፍቷል፤ ሽማግሌና አሮጊት በየመስኮቱ ያወራል። ሞላ እትዬ። ያ ሁሉ ባዶ አልጋ ሞላ።

በእርስዎ አልፈርድም። ራሴን ሌት ተቀን ጠይቄዋለሁ። ሃያ ስምንት የተነጠፈ አልጋ ቁልፍ ኪሴ ውስጥ ይዤ፣ እናቴን ያስታመመችው የጥሩአየሁ ልጅ ደጅ ቆሞ «ከእትዬ ይርጋነሽ ነው የመጣሁ» ሲለኝ፣ ቦታ የለም ልበለው? አልችልም ነበር። ዛሬም ቢመጣ አልችልም። ለባንቺዓለም ግን ይህን እንዴት አድርጌ ልንገራት? እርስዎ ይንገሩልኝ። እኔ አቃተኝ።

አስቻለች


ቢቸና፣ የካቲት 9 ቀን 1979 ዓ.ም.

ለልጄ ለአስቻለች

እኔን አፈር ይብላኝ። እኔን።

ደብዳቤሽን ሦስት ጊዜ አነበብሁት። ሦስተኛው ላይ ፊደሉ ጠፋኝ። ማንበብ የተማርሁት ይህን ለማንበብ ኖሯል? የላክሁት እኔ ነኝ ልጄ። አንቺ አላጠፋሽም፤ ያም ልጅ አላጠፋ። እኔ ነኝ አልጋ ሁሉ እንደ ቢቸና አልጋ የመሰለኝ። ባዶ አልጋ ላይ ሰው ቢያድር አይቀንስ ብዬ የጻፍሁ እኔ! የሰው ሀገር አልጋ ባዶውንም ቢሆን ባለቤት እንዳለው ማን ነገረኝ? የፈሰሰ ውኃ አይታፈስም፤ ምን ላድርግልሽ? በእግሬ ሮማ አልደርስ። ደብረ ወርቅ ሄጄ ማርያም ደጅ ሦስት ቀን ተኛሁ፤ ሌላ የማውቀው ደጅ የለኝም።

ለጥሩአየሁ አልነገርኋትም። ማሯን መልሼ እንዳልሰጣት ትጠረጥራለች፤ እንዳልበላው ያንቀኛል። እንስራው እንደ ታሸገ ጓዳ ተቀምጧል። በመጣች ቁጥር «ደህና ናቸው፤ ሥራ በዝቶባቸው ነው» እላታለሁ። እሷም አምናኝ ትሄዳለች። ያመነችኝ መስላም ይሆናል።

ትምህርት ቤት ሄጄ ለመንሁ፤ «ጊዜው አልፏል፣ ለመስከረም አምጫት» አሉኝ። ልጅቱ በኔ ጥድፊያ አንድ ዓመት ቀረባት።

ነገርኋት። ሁሉንም አልነገርኋትም፤ «ወረቀቱ ዘንድሮ አልሆነም» አልኋት። አላለቀሰችም። ሄዳ ቦርሳውን ከበሩ አጠገብ አነሣችና ልብሷን አንድ ባንድ አውጥታ ሣጥን ውስጥ መለሰች። ፎቶዋን ብቻ ለእማዬ ላኪላት ብላኛለችና ከዚህ ጋር አለልሽ።

ወረቀት ማስፈረም የሚችል ዘመድ የለኝ፣ ጉልበት የለኝ። ያለኝ አምስት አልጋ ነው። ከአምስቱ ሁለተኛውን ዘግቼዋለሁ፤ የገበያ ቀን ሰው ደጄ ላይ ቢቆምም አላከራየውም። ያንቺ ነው። በማናቸውም ጊዜ፣ በማናቸውም በር ብትመጪ ባለቤቱ አንቺ ነሽ፤ ማንም አያስወጣሽም። የገለባውን ፍራሽ ጥዬ የጥጥ አስገብቼበታለሁ፤ አሁን ጫፉ ይታጠፋል። ባንቺዓለም ቅዳሜ ቅዳሜ ታነጥፈዋለች፣ አንቺ እንዳልሽው እንደ ፖስታ አድርጋ። ማንም ስለማይተኛበት አንሶላው ሳምንቱን ሙሉ ሳይወጣ ይቆያል።

አክስትሽ ይርጋነሽ